ማንም የማያርመው መሬት

ክረምቱ ጠበቅ ማለት ሲጀምር ከአዳማ ወደ አሰላ የሚወስደው አስፋልት ግራና ቀኙ አረንጓዴ ይለብሳል። በመኪና ለሚያልፍ ሰው ሣር ነው የሚመስለው። አዋሽ መልካሳ ላይ ወርዶ በእግሩ ለሚሄድ ግን አብዛኛው ሣር እንዳልሆነ ወዲያው ይገለጥለታል። ጠጠሩ ላይ፣ ከአስፋልቱ ጠርዝ አንድ ክንድ እንኳ ሳይርቅ፣ ቅጠሎቹን ከመሬት አጣብቆ ክብ ሠርቶ የተነጠፈ ፈዛዛ አረንጓዴ ተክል አለ። ቅጠሉ እንደ ካሮት ቅጠል እስከ መሃሉ የተተለተለ ነው፤ በጣት ሲዳስሱት ስስ ጸጉር አለው። ትንሽ ራቅ ብሎ፣ የዝናብ ውሃ በሚወርድበት ቦይ ዳር፣ ቀድሞ የበቀለው ወገብ ላይ ደርሶ ቅርንጫፉን ዘርግቷል። ጫፍ ጫፉ ላይ ጥቃቅን ነጭ አበባ ተነስንሶበታል።

ቅንጬ አረም ነው። ሐረርጌ ውስጥ ፈረምሲሳ ይሉታል፤ የሳይንስ ስሙ ፓርቴኒየም ሂስተሮፎረስ ነው። በመላው ዓለም ከሚፈሩት ወራሪ አረሞች አንዱ ሲሆን፣ እዚህ ግን ፍየሎች ሳይነኩት ያልፋሉ፣ ሕፃናት ይረጋግጡታል፣ ባጃጆች ላዩ ላይ ይቆማሉ። የሚነቅለው የለም።

አንዱን አበባ ቀጥፎ መዳፍ ላይ ማየት ይገባል። የአበባው ራስ ስፋቱ ከ5 ሚሊ ሜትር አይበልጥም። ከሩቅ ድፍን ነጭ ነጥብ ይመስላል፤ ቀረብ ሲሉ ግን ጠርዙ ላይ አምስት ትንንሽ የአበባ ቅጠሎች ብቅ ብቅ ብለዋል። ፍሬ የሚይዙት እነዚህ አምስቱ ብቻ ናቸው፤ መሃሉን የሞሉት ሌሎቹ ሥራቸው ብናኝ መስጠት ነው። እንግዲህ አንድ ራስ አምስት ዘር ያወጣል። ዘሩ ጥቁርና ጠፍጣፋ፣ 2 ሚሊ ሜትር ገደማ ነው፤ ከጎንና ከጎኑ ሁለት ስስ ቅርፊቶች ይዞ ይወድቃል፤ ቅርፊቶቹም ጎርፍ ላይ ለመንሳፈፍ ያግዙታል። አምስት ዘር ጥቂት ይመስላል። ነገር ግን አንድ የደረሰ ተክል ራሱን በሺዎች ስለሚያወጣ ከ15,000 እስከ 25,000 ዘር ማርገፍ የተለመደ ነው፤ አፈሩ የተስማማው ደግሞ እስከ 100,000 ይደርሳል። ከበቀለ ከአራት እስከ ስድስት ሳምንት ባለው ጊዜ ማበብ ይጀምራል። የወቅት ምርጫም የለውም፤ እርጥበት ካገኘ በበልግም፣ በክረምትም፣ በበጋ በመስኖ ቦይ ዳርም ይበቅላል።

አገሩ የሜክሲኮ ባሕረ ሰላጤ ዙሪያ ነው። ሕንድ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ አጋማሽ ፑኔ ከተማ ላይ ታየ፤ ከአሜሪካ ስንዴ ጋር እንደገባ ይታመናል። አውስትራሊያም በዚያው አሥር ዓመት ውስጥ ገባ፤ በኩዊንስላንድ ሰፊ የከብት ግጦሽ ላይ የተንሰራፋው ከቴክሳስ በመጣ የሣር ዘር ውስጥ ተደባልቆ ነው። የእኛ ተራ እ.ኤ.አ. በ1980 ገደማ ደረሰ። ድሬዳዋና ሐረርጌ አካባቢ፣ በሰሜንም ወሎ ውስጥ ተስተዋለ። ስለ አገባቡ ሁለት ታሪክ ይነገራል። አንዱ በሶማሊያ ጦርነት ጊዜ ከገቡት የጦር ተሽከርካሪዎች ጋር መጣ ይላል፤ ሌላው ለረሃብ ከመጣው የእርዳታ እህል ጋር። ሁለቱን ማማረጥ አስፈላጊ አይመስለኝም። ጦርነትና ረሃብ ባለበት ዘመን የጎማ ጭቃ የሚያጥብ፣ የስንዴ ጆንያ የሚያበጥር ማን ነበር? ዋናው ነገር ይህ አረም ወደ አገር የገባውም፣ ከገባ በኋላ የተጓዘውም በመኪና መሆኑ ነው።

ለዚህ ነው መልካሳ ላይ ቆሞ ማየት የሚጠቅመው። አዳማ የጅቡቲ መንገድና የባቡር ሐዲዱ የሚያልፉባት ከተማ ናት። ሲሚንቶ፣ ማዳበሪያ፣ ስንዴ፣ ነዳጅ ሁሉ በዚያ ያልፋል። ከአዳማ ወደ አርሲ ደጋ የሚወጣው መንገድ መልካሳን አቋርጦ ነው። ከጎኑ አዋሽ አለ፤ ቆቃ ላይ ተገድቦ፣ ወንጂ ላይ ሸንኮራ አጠጥቶ፣ ሶደሬን አልፎ ወደ ኑራ ኤራና መተሐራ የሚወርደው ወንዝ። አሸዋና ጠጠር የሚጭኑ ገልባጭ መኪኖች ቀን ከሌት ይመላለሳሉ። ለመጓዝ ለሚፈልግ ዘር ከዚህ የተሻለ ቦታ የለም።

ፈጥኖ የሚደርስ ሰብል፣ ይበልጥ የሚፈጥን አረም

የመልካሳ ግብርና ምርምር ማዕከል እዚህ የተቋቋመው እ.ኤ.አ. በ1969 ነው። ከባሕር ወለል በላይ 1,550 ሜትር ላይ፣ ዝናቡ አጭርና እምነት የማይጣልበት ስፍራ ላይ ተቀምጦ፣ የስምጥ ሸለቆው ገበሬ የሚዘራውን ዘር ሲያወጣ ኖሯል። ለውጭ ገበያ የሚሄደው ነጭ ቦሎቄ አዋሽ አንድ፣ በየጓሮ መስኖው የሚተከለው አዳማ ሬድ ሽንኩርት፣ መልካሳ የሚል ስም የያዙ የበቆሎ ዝርያዎች፣ መልካም የተባለው ማሽላ የዚህ ማዕከል ልጆች ናቸው። የአብዛኞቹ ሰብሎች ብልሃት አንድ ነው፤ ዝናቡ ሳይቋረጥ ቶሎ መድረስ። ቦሎቄው ሦስት ወር፣ በቆሎና ማሽላው አራት ወር ገደማ ውስጥ ይሰበሰባሉ።

ቅንጬ ያንኑ ብልሃት ይዞ ነው የመጣው፣ ግን በአንድ ወር ተኩል ያብባል። ገበሬው ሁለተኛውን አረም ለማረም ጉልበት ሲያሰባስብ ማሳው ዳር ያለው ቅንጬ ዘሩን ማርገፍ ጀምሯል።

ከአስፋልቱ ጥቂት ገባ ብሎ ባለ የቦሎቄ ማሳ ላይ ሴቶች ጎንበስ ብለው ያርማሉ። አንዳንዶቹ እጃቸውን ፌስታል ጠቅልለውበታል፤ ጓንት ስለሌለ። የሚነቅሉትን ቅንጬ በክንዳቸው ሙሉ ታቅፈው ከማሳው ያወጡና መንገዱ ዳር ይጥሉታል። ነጭ አበባው እንዳለ ነው።

«አዴ፣ ለምን እዚህ ይጥሉታል?» አልኳቸው በዕድሜ ገፋ ያሉትን።

«ታዲያ የት ላድርገው ልጄ? ማሳዬ ውስጥ ላስቀምጠው?»

መልስ አልነበረኝም። ከሴትዮዋ አንጻር ትክክል ናቸው፤ መሬታቸውን አጽድተዋል። ግን ተነቅሎ የተጣለ ያበበ ቅንጬ ወዲያው አይሞትም፤ በግንዱ ውስጥ በቀረው እርጥበት ዘሩን ያበስላል። ቀጥሎ የሚመጣው ጎርፍ መልሶ ማሳው ላይ ያፈስሰዋል። የመንገዱ ዳር የማንም አይደለም፤ ስለዚህ የሁሉም መጣያ ይሆናል። ቅንጬ በዚህች ክፍተት ነው የሚኖረው ብዬ አምናለሁ፤ ከዚህ በታች የምለውም ወደዚያው ይመለሳል።

የሚያደርሰው ጉዳት መጠን በአገር ውስጥ ተለክቷል። ተመራማሪው ታማዶ ጣና በምሥራቅ ኢትዮጵያ ባደረጉት ጥናት፣ ያልታረመ ቅንጬ የማሽላን ምርት እንደ ዓመቱና እንደ ቦታው ከ40 እስከ 97 በመቶ እንደሚቀንስ አሳይተዋል። 97 በመቶ ማለት ገበሬው አገዳ ብቻ ይዞ ወደ ቤቱ ይሄዳል ማለት ነው። አረሙ ውሃና ምግብ በመሻማት ብቻ አያበቃም፤ ፓርቴኒን የሚባል መራራ ንጥረ ነገር ከሥሩም፣ ከረገፈ ቅጠሉም ወደ አፈር ይለቃል፤ ይኸው ነገር የሌላውን ተክል ዘር እንዳይበቅል ያዳክማል። ግጦሽ ላይ ሲወርር ደግሞ ሣሩን ተክቶ ይቀመጣል። ከብት በፈቃዱ አይበላውም፤ ሌላ ሲያጣ ግን ይቀምሰዋል፤ ወተቱም ይመርራል። አዳማ ገበያ ወተት የምትሸጥ ሴት ደንበኛዋ ፊቱን አጨማዶ ሲመልስላት ምክንያቱ ከግጦሹ ሊሆን እንደሚችል ማን ይነግራታል?

ቆዳም ይነካል። ተንኮሉ ግን በመጀመሪያው ቀን አይታይም። ሰው ዓመታት ሲነቅለው ኖሮ አንድ ክረምት ላይ ድንገት ክንዱ፣ አንገቱ፣ የዓይኑ ቆብ ያሳክከዋል፣ ያብጣል፣ ይቆስላል። ሰውነት አንዴ ከተቆጣ በኋላ ብናኙ በነፋስ ሲመጣ ብቻ እንኳ ይነሳል። አስም ያለበት ሰው ደግሞ ይብስበታል። ሌላም አለ፤ መቀመጫውን ናይሮቢ ያደረገው ኢሲፔ የተባለ የነፍሳት ምርምር ተቋም ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2015 ባወጡት ጥናት፣ የወባ ትንኝ የቅንጬን አበባ ማር ጠጥታ ጉልበት እንደምታጠራቅምና ዕድሜዋን እንደምታራዝም አረጋግጠዋል። ወባ የማይለያቸውን ወንጂንና መተሐራን የሚያውቅ ሰው ይህን በቀላሉ አያየውም።

አበባውን አትጠብቁ

አብዛኛው ሰው ቅንጬን የሚለየው በነጭ አበባው ነው። ያኔ ግን ረፍዷል። ዕውቀት ማለት መሬት ላይ ተነጥፎ ሳለ፣ ገና ግንድ ሳያወጣ ማወቅ ነው። ያኔ የሚያሳስቱ ተክሎች አሉ። ጭቁኝና አሪቲ እንደሱ የተሰነጣጠቀ ቅጠል አላቸው፤ ነገር ግን ቅጠላቸውን ሲያሹት የሚታወቀው ጥሩ ሽታቸው ይወጣል፤ ቅንጬ እንዲያ አይሸትም። ጨጎጊት ቅጠሉ በግንዱ ላይ ጥንድ ጥንድ ሆኖ ፊት ለፊት ነው የሚወጣው፤ የቅንጬ ግን አንዱ ከፍ አንዱ ዝቅ እያለ ይፈራረቃል። የጨጎጊት ፍሬ ልብስ ላይ የሚሰካ ጥቁር መርፌ ነው፤ ቅንጬ ልብስ ላይ አይሰካም፣ ጭቃ ላይ ግን ይጣበቃል። ጓሮ ውስጥ ከጎመን ሥር የምትበቅለው ትንሽዬ ነጭ አበባ ያላት አረምም ታምታታለች፤ የእሷ ቅጠል ግን ሙሉ ነው፣ አልተተለተለም። ቅንጬ ሲያድግ ግንዱ ላይ ከላይ እስከ ታች የሚወርዱ ሸንተረሮች ይታያሉ፤ ላይኛው ክፍል በብዙ ቅርንጫፍ ይበተናል።

ለምን ይህን ያህል መቸኮል? ዘሩ አፈር ውስጥ ስለሚቆይ ነው። በዚያው የታማዶ ጣና ምርምር 26 ወር ተቀብሮ የቆየ ዘር ከግማሽ በላዩ ሕይወት ነበረው። የሚበቅለው ደግሞ ላይ ላይ ያለው ነው፤ ከ5 ሴንቲ ሜትር በታች የተቀበረ አይወጣም። ይህ ለገበሬው መልካም ዜና ይመስላል፤ ጠልቆ ማረስ ሊቀብረው ይችላልና። ግን የእኛ ማረሻ አፈሩን ሰንጥቆ ያነሳል እንጂ አይገለብጥም፤ ገበሬው ጤፍ ለመዝራት ሦስት አራት ጊዜ ደጋግሞ ሲያርስ የትናንቱን ይቀብርና የአምናውን ያወጣል። ስለዚህ አንድ ዓመት ያፈራ ቅንጬ የዚያ ዓመት ዕዳ ብቻ አይደለም።

ማሳ ውስጥ የሚሠራው ሥራ ይታወቃል። ዝናብ ከጣለ በኋላ አፈሩ ሲለሰልስ ከነሥሩ መንቀል፤ በማጭድ የተቆረጠው ከአንገቱ ተመልሶ ያቆጠቁጣልና። እጅ ላይ ጓንት፣ አፍና አፍንጫ ላይ ሻሽ። ያላበበውን ጉድጓድ ውስጥ ከፍግ ጋር አብስሎ ማዳበሪያ ማድረግ ይቻላል፤ ናይትሮጅኑ ጥሩ ነው። ያበበው ግን ራሱ ተቆርጦ ጆንያ ውስጥ ይገባል፤ ከዚያ በአንድ በተወሰነ ጉድጓድ ይደርቅና ይቃጠላል፣ ሰው ከጭሱ ርቆ። አረም ማጥፊያ የሚገዛ ገበሬ ጥያቄው ከፋብሪካው ስም በፊት ማሳው ውስጥ ያለው ምንድን ነው የሚለው ነው። ጤፍና በቆሎ ላይ የሚረጨው ቱ ፎር ዲ ሰፋፊ ቅጠል ያላቸውን ስለሚገድል ቅንጬውን ገና በተነጠፈበት ይይዘዋል፤ ቦሎቄ ወይም ቲማቲም ላይ ቢረጭ ግን ሰብሉ ቀድሞ ይሄዳል። ከጎረቤት ማሳ በነፋስ የሚደርሰውም እንዲሁ። ይህ ሸለቆ የሽንኩርት፣ የቲማቲምና የቦሎቄ ሸለቆ ስለሆነ መርጨት እዚህ ከሌላው አገር ይልቅ ጥንቃቄ ይፈልጋል። ግጦሽ ላይ ደግሞ ዋናው መድኃኒት ሣር ነው። ከብት በዝቶ መሬቱ ሲራቆት ቅንጬ ይገባል፤ መሬቱ ለአንድ ክረምት ከተከለለና ሣሩ ከጠነከረ ቅንጬው ብርሃን አጥቶ ይኮሰምናል። አውስትራሊያኖች ከኬሚካል ሁሉ በላይ የሚመኩት በዚህ ነው።

ወለንጪቲ ላይ የተለቀቀችው ጥንዚዛ

ከአዳማ በስተሰሜን ምሥራቅ 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ ወለንጪቲ አለች፤ የቦሰት ወረዳ ከተማ። በሐምሌ 2005 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 2013) እዚያ የተደረገው ነገር ብዙ ሰው አላወቀውም፤ ግን በአገሪቱ የአረም ታሪክ ውስጥ ትልቅ ቦታ አለው። ዛይጎግራማ ባይኮሎራታ የተባለች ጥንዚዛ ቅንጬ ላይ ተለቀቀች። 6 ሚሊ ሜትር አትሞላም፤ ጀርባዋ ወተትማ ሆኖ ቡናማ ጭረቶች አሉት። አገሯ ሜክሲኮ፣ ምግቧ ቅንጬ ነው። ትልቋም እጯም ቅጠል ይበላሉ፤ እጯ በተለይ አናቱን፣ አበባ የሚወጣበትን ለጋ ጫፍ ትበላለች። አበባ ሳያወጣ የቀረ ቅንጬ ደግሞ ዘር የለውም።

ጥንዚዛዋ ወለንጪቲ እስክትደርስ ብዙ ዓመት ፈጅቷል። ሥራው እ.ኤ.አ. በ2005 በአሜሪካ ዓለም አቀፍ ተራድኦ ድርጅት ገንዘብ የተጀመረ፣ የቨርጂኒያ ዩኒቨርሲቲዎች፣ የኢትዮጵያ ግብርና ምርምር ኢንስቲትዩት፣ የደቡብ አፍሪካ ተመራማሪዎችና ሌሎችም የተሳተፉበት ነው። ነፍሳቱ ከደቡብ አፍሪካ መጥተው አምቦ ባለው የዕፅዋት ጥበቃ ምርምር ማዕከል በተሠራ የለይቶ ማቆያ ውስጥ ገቡ። ከዚያ ዋናው ጥያቄ መጣ፤ ሌላስ ትበላለች ወይ?

ጥያቄው የመጣው ከሕንድ ነበር። ሕንዶች ጥንዚዛዋን እ.ኤ.አ. በ1984 ባንጋሎር አካባቢ ለቀዋት ነበር። ዓመታት ካለፉ በኋላ ገበሬዎች የሱፍ አበባ ላይ አየናት ብለው ጮኹ። ነገሩ ሲመረመር የሱፉ ቅጠል ላይ ከአጠገቡ ካለው ቅንጬ የነፈሰ ብናኝ ተከምሮበት ስለነበር ነው፤ ጥንዚዛዋን የሳባት ያ ብናኝ ነው። ለእኛ ግን ከሱፍ በላይ የሚያስጨንቅ ሰብል አለ፤ ኑግ። ኑግ ከቅንጬ ጋር የአንድ ቤተሰብ ተክል ሲሆን ከጥንትም የእኛ ነው፤ ከሌላ ቦታ የሚገዛ ዝርያ የለንም፣ የሌሎች ሁሉ ከዚህ የሄደ ነው። አምቦ ላይ ኑግና ሌሎች ሰብሎች እየቀረቡላት ተፈተነች። የመልቀቂያ ፈቃድ የተገኘው ከዚያ በኋላ ነው። በኋላም ሊስትሮኖተስ ሴቶሲፔኒስ የተባለ ትንሽ ቡናማ ነቀዝ ታከለበት፤ እጩ ግንዱን ውስጥ ለውስጥ እየቦረቦረ ወደ ሥር ይወርዳል፣ ደረቅ አየርንም ከጥንዚዛዋ በተሻለ ይችላል።

በአገር ውስጥ የነበረም አጋር አለ። ተመራማሪው ታዬ ተሰማ ቀደም ብለው ቅንጬን የሚያጠቁ በሽታዎችን ባጠኑ ጊዜ ቅጠሉን የሚያደርቅ የዋግ ዓይነት ፈንገስ እዚሁ ኢትዮጵያ ውስጥ አግኝተዋል። ሆኖም ፈንገሱ ቀዝቀዝ ያለ አየር ይወዳል፤ የመልካሳ ሙቀት አይስማማውም።

ስለ ጥንዚዛዋ ሲነገር ብዙ ጊዜ ተአምር ይጠበቃል። አልደረሰም፤ የሚደርስም አይደለም። ጥንዚዛዋ በበጋ አፈር ውስጥ ገብታ ትተኛለች፤ ዝናብ ሲጀምር ነው የምትወጣው። ቅንጬ ግን ከመስኖ ቦይ አጠገብ በበጋም ያፈራል። የተለቀቀችበት ቦታ በተባይ ማጥፊያ ከተረጨ ታልቃለች፤ አዋሽ ዳር ደግሞ ቲማቲምና ሽንኩርት ላይ መርጨት የየሳምንት ሥራ ነው። አውስትራሊያ ዘጠኝ ዓይነት ነፍሳትና ሁለት የዋግ ፈንገስ ለቅቃ፣ አሥርተ ዓመታት ጠብቃ ነው ኩዊንስላንድ ላይ የአረሙን ጉልበት የቀነሰችው። እኛ ጋ ነፍሳቱ በቁጥርም በቦታም ገና ጥቂት ናቸው፤ ዘር ይቀንሳሉ፣ ጊዜ ይገዛሉ። ያንን ጊዜ ምን እንሠራበታለን ነው ጥያቄው።

እዚህ ላይ የቅንጬን ጎረቤቶች፣ ሌሎቹን ወራሪ ተክሎች፣ ማየት ይጠቅማል። እምቦጭ ቆቃ ላይ የተመዘገበው እ.ኤ.አ. በ1965 ነው፤ ስሙ ግን በየቤቱ የገባው ጣና ላይ እ.ኤ.አ. በ2011 ከታየ በኋላ ነው። ገንዘብ ተዋጣ፣ ወጣቶች ከየአቅጣጫው ሄደው ነቀሉ፣ ማሽን መጣ። ከመተሐራ ወደ አፋር ሲወርዱ ደግሞ ፕሮሶፒስ አለ፤ እሱ በሰው ፈቃድ፣ ለጥላና ለአፈር ጥበቃ ተብሎ የተተከለ ሲሆን አሁን አፋር ውስጥ ከ1 ሚሊዮን ሄክታር በላይ ይዟል። ሁለቱም ለዓይን ይከብዳሉ፤ ሐይቅ ይሸፍናሉ፣ ጫካ ይሆናሉ። ቅንጬ እንዲህ አይታይም። ከጉልበት እስከ ደረት የሚደርስ አረም ነው፤ ፎቶው ማንንም አያስደነግጥም። በአገሪቱ ገበሬ ላይ የሚያደርሰው ኪሳራ ግን ከእምቦጭ ያንሳል ብዬ አላምንም።

ስለዚህ ወደ መንገዱ ዳር ልመለስ። ገበሬ ማሳውን ያርማል፤ ማንም ሳይነግረው ያርማል፣ ካላረመ አይበላም። ችግሩ የማሳው ዳር ነው፤ የአስፋልቱ ጠርዝ፣ የሐዲዱ ግራና ቀኝ፣ የመስኖ ቦዩ ትከሻ፣ የትምህርት ቤቱ አጥር፣ የገበያው ጀርባ፣ ጅምር ቤት ያለበት ባዶ ቦታ። አዳማ በየዓመቱ እየሰፋች ነው፤ ታጥሮ የተተወ ቦታ ሁሉ በሁለት ክረምት የቅንጬ ማሳ ይሆናል። መንገድ ሲጠገን ግሬደሩ ዳሩን ይገፋል፤ ያበበው ላይ ከሆነ ዘሩን ይዘራዋል። ከአንዱ ካባ የተነሳ ጠጠር ሌላ ወረዳ ላይ ሲደለደል ዘሩም አብሮ ይደላደላል። አውስትራሊያ ቅንጬ ካለበት ክልል ወደ ሌላው የሚያልፉ ማጨጃዎችና መኪኖች የሚታጠቡባቸውን ቦታዎች ሠርታለች። እኛ አርሲ ላይ ስንዴ የሚያጭዱ ኮምባይነሮች ከወረዳ ወረዳ ሲዞሩ፣ ጎማቸው ላይ ያለውን ጭቃ የሚጠይቅ የለም።

ይህን ለመለወጥ አዲስ ሕግ ከመጠበቅ ቀላል ነገሮች ይቀድማሉ። በዚህ አካባቢ መጋቢትና ሚያዝያ ላይ ጥቂት ዝናብ ይጥላል፤ የመጀመሪያው የቅንጬ ምድብ የሚወጣው ያኔ ነው። ቀበሌው ደቦውን ሚያዝያ መጨረሻና ግንቦት ላይ ካወጣ፣ ዳሩ ገና ሳያብብ ይነቀላል፤ ሰኔ ላይ የሚመጣው ጎርፍም ዘር ሳያገኝ ያልፋል። ሁለተኛው ምድብ ሐምሌ አጋማሽ ላይ አንድ ጊዜ ይታያል። ትምህርት ቤቶች ያንን ጊዜ ዝግ ስለሆኑ ልጆች ላይ መመካት አይቻልም፤ ቆዳቸውንም ማስቆጣት አይገባም። ሥራው ለመንገድ ጥገና በተያዘው በጀት ውስጥ የቀን ሠራተኛ ጓንት ሰጥቶ ማሠራት ነው። የጠጠር ካባዎች ሲመረጡ ቅንጬ አለ ወይ ብሎ ማየት፣ ካለም ከመጫኑ በፊት የላይኛውን አፈር ማንሳት። ማሳ ዳር ለሚያርሙት ሴቶችም የት እንደሚጥሉት ማሳየት፤ በየሰፈሩ አንድ ጉድጓድ ቆፍሮ ማስቀመጥ ውድ ነገር አይደለም።

እና ስሌቱ በዓመት መሆን የለበትም። አፈር ውስጥ ያለው ዘር ከሁለት ዓመት በኋላ ግማሹ ሕያው ከሆነ፣ አንድ ክረምት ዘምቶ በሚቀጥለው ሥራው አለቀ የሚል ወረዳ ገንዘቡን መልሶ ለአረሙ ሰጠ ማለት ነው። ቢያንስ አምስት ክረምት በተከታታይ የአንድ መንገድ ዳር ሳያፈራ እንዲያልፍ ማድረግ ያስፈልጋል። ከአዳማ አሰላ መንገድ ላይ እስካለችው ዴራ ድረስ ያለውን መንገድ ብቻ እንኳ እንዲህ ቢያዝ፣ በግራና ቀኙ ላለው ቦሎቄና በቆሎ ምን እንደሚለወጥ ለማየት ከመልካሳ ማዕከል በር ላይ ከሚቆም ሰው የተሻለ ምስክር አይኖርም።